‹አለብኝ› ያለ ሁሉ ወንጀለኛ አይደለም

የመጥሪያ ቦርሳዬን ለንብረት ክፍል ያስረከብኩ ቀን፣ ተረካቢው ልጅ መዝገቡን ከፍቶ «አንድ የሸራ ቦርሳ፣ ያረጀ» ብሎ ጻፈና ፈርሚ አለኝ። ፈረምኩ። ሃያ ሁለት ዓመት ከትከሻዬ ያልወረደ ነገር በአንድ መስመር አለቀ። ወደ ቤቴ ስመለስ አንዱ ትከሻዬ ቀሎኝ ወደ ጎን እያዘነበልኩ ሄድኩ፤ ያየኝ ሰው ጠጥታለች ሳይል አይቀርም።

ሥራዬ መጥሪያ ማድረስ ነበር። ሰው ሲከሰስ ወይም ለምስክርነት ሲፈለግ ፍርድ ቤቱ በወረቀት ይጠራዋል፤ ያን ወረቀት ይዞ ከሰውየው ደጅ የሚያደርስ ሰው ያስፈልጋል። በኛ ወረዳ ያቺ ሰው እኔ ነበርኩ። አሁን በስልክ ነው የሚጠራው አሉ። «ሰኞ በሦስት ሰዓት ይቅረቡ» ይሉታል፣ «እሺ» ይላል፣ አይመጣም። ስልኩስ ባልከፋ፤ ግን ስልክ የሰውየውን ፊት አያይም። እኔ ስንት ፊት አየሁ።

የወረዳውን ስም አልጽፈውም። ከሰዎቹ ያሉም አሉ፣ የሞቱትም ልጆች አሏቸው። መንዝ ነው፣ ይበቃል። ትምህርት ቤት ገብቼ አላውቅም። ፊደል የቆጠርኩት በደርግ ጊዜ በመሠረተ ትምህርት ነው፤ እጄ እንዝርት ይዞ፣ ዓይኔ ሰሌዳው ላይ። ስለዚህ ጽሕፈቴም እንደ ፈትሌ አንዳንዱ ቦታ ይወፍራል፣ አንዳንዱ ቦታ ይቀጥናል፤ አንባቢ ይታገሠኝ።

መንግሥት በተለወጠ በሁለተኛው ዓመት ፍርድ ቤቱ ለጽዳት ቀጠረኝ። ባለቤቴ ከዘመቻ አልተመለሰም፤ ሦስት ልጆች ይዤ ቀርቻለሁ። ደመወዟ ለጨውና ለደብተር ትሆን ነበር፤ ስለ እሷ ከዚህ በላይ የምለው የለኝም። ያኔ መጥሪያ የሚያደርሱት ጋሽ ተክሌ የሚባሉ ሽማግሌ ነበሩ። ጉልበታቸው እምቢ ሲላቸው ሬጅስትራሩ ዘንድ ገብተው «ይህቺን ሴት ስትጠርግ አይቻታለሁ፤ ጥግ አትዘልም። ጥግ የማትዘል ሰው፣ ሰው ፈልጋ አታጣም» አሉ። እንዲህ ሆኖ መጥረጊያዬን አስቀምጬ ቦርሳ ያዝኩ።

ሁለት ወር ከኋላ ከኋላቸው እየሄድኩ ተማርኩ። ጋሽ ተክሌ የሚናገሩት ጥቂት ነው፤ የምማረው እጃቸውንና እግራቸውን በማየት ነበር። ወረቀቱን በላስቲክ ጠቅልለው ከደረታቸው ይሸጉጡታል፤ ቦርሳው ውስጥ ያለውን ዝናብ ያገኘዋል፣ ደረት ላይ ያለውን አያገኘውም። የጣት አሻራ የሚወሰድበት ቀለም በብርዱ ይደርቃል፤ እሳቸው ከሰውየው ቤት ከመድረሳቸው በፊት ብብታቸው ውስጥ ያሞቁታል። ሰውን በስሙ አይጠይቁም። «በስሙ የጠየቅሽው እንደሆነ አገር ይደብቀዋል። በጉን ጠይቂ፤ ‹እገሌ የሚሸጥ ሙክት አለው ወይ?› በዪ፣ እጅሽን ይዘው ያደርሱሻል» ይሉኝ ነበር። ልቅሶ ቤት ወረቀት አይሰጡም። የማኅበር ቀን ከሆነ ጠላው እስኪጠጣ ቆይተው ሰውየውን ወደ ጓሮ ጠራ ያደርጉታል።

ከደጅ ሲደርሱ ከሩቅ ይቆማሉ። ይጣራሉ። ባለቤቱ ወጥቶ ውሻውን እስኪያስር አንዲት እርምጃ አይጨምሩም። «ውሻውን ያሰረልሽ ሰው ወረቀትሽን ይቀበላል። ያላሰረልሽን ተመልሰሽ ሂጂ፤ ሌላ ቀን ያስርልሻል» ነበር የሚሉኝ። መጥሪያውን ሁለት ጊዜ ያነቡታል፤ አንድ ጊዜ እንደ ቄስ ፈጠን አድርገው በወግ፣ ሁለተኛውን ቀስ ብለው እንደ ጨዋታ። ከዚያ ከኪሳቸው ገብስ ያወጣሉ። እስከ ቀጠሮው ያለውን ቀን በፍሬ ቆጥረው በሰውየው መዳፍ ላይ ያደርጉና «በየማለዳው አንዷን ለዶሮ ጣል። ያለቀብህ ዕለት ና» ይላሉ። የቀን መቁጠሪያ የሌለው ሰው ይህን አይስተውም። በሃያ ሁለት ዓመት ሥራዬ በገብስ የጠራሁት ሰው ቀን ተሳሳትኩ ብሎ አያውቅም።

ከሁሉ በላይ የነገሩኝ ግን ይህ ነው፦ «አስካለ፣ መጥሪያ አድራሽ እግር ነው፤ አፍ የለውም። ወረቀቱ ያለውን አንብቢ። ከዚያ በላይ አንዲት ቃል ካወጣሽ እሷም መጥሪያ ትሆናለች፤ ወዴት እንደምትጠራ ግን አታውቂም።»

እሺ ብዬ ነበር። ታዲያ ሰው እሺ ያለውን ሁሉ መቼ ይፈጽማል።

ወደ ሞላሌ በሚወስደው መንገድ ወረድ ብሎ ጋሽ ሽፈራው የሚባሉ ገበሬ ይኖራሉ። አንድ በሬ በዱቤ ገዝተው ነበር፤ ገብሱ ሲደርስ ሊከፍሉ። ገብሱን ውርጭ መታው። ባለበሬው አንድ ሁለት ጊዜ ጠየቀና በሦስተኛው ወደ ፖሊስ ሄደ፤ «ሊከፍለኝ ሳያስብ አታሎ በሬዬን ወሰደ» አለ። እንዲህ ዓይነቱ ነገር ያን ጊዜ እየበዛ ነበር። ሕጉ የዕዳ ክርክር በፍትሐ ብሔር ይታይ ይላል፤ የተረታ ይከፍላል እንጂ አይታሰርበትም። ግን በፍትሐ ብሔር ለመክሰስ የዳኝነት ገንዘብ ይከፈላል፣ ቀጠሮውም ዓመት ይፈጃል። ፖሊስ ዘንድ ገብቶ «አታለለኝ» ማለት ግን ያለ ክፍያ ነው፤ ተበዳሪውም እስር ቤቱን ሲያይ ጥጃውንም ቢሆን ሸጦ ይከፍላል። አበዳሪ ሁሉ ይህችን አቋራጭ ተምሯታል። የጋሽ ሽፈራው በሬ የማታለል ወንጀል ተብሎ መዝገብ ተከፈተበት።

መጥሪያውን ይዤ ስደርስ ራሳቸው ወጥተው ውሻቸውን አሰሩልኝ። አንገቱ ላይ ነጭ ያለበት፣ ጥጃ የሚያህል ጥቁር ውሻ ነው። ሁለት ጊዜ አነበብኩላቸው። አሥራ አንድ ፍሬ ገብስ ቆጠርኩላቸው፤ በመሐረባቸው ቋጠሯት። ከዚያ ቀና ብለው «አስካለ፣ እዚያ ስቆም ምን ልበል?» አሉኝ።

ዝም ብዬ ብሄድ ምናለ። አንጀቴ አልችል አለና አፍ አወጣሁ። «ጋሼ፣ እውነቱን ይመኑ። እርስዎ የሰው ገንዘብ የሚክዱ ሰው አይደሉም። ያመነን ማን ይጥለዋል?» አልኳቸው።

አገራችንን የማያውቅ ሰው ይህ ምን ክፋት አለው ይላል። እኛ ዘንድ ድሃ መሆን ነውር አይደለም፤ ካጅ መባል ነው ነውሩ። የሰው ገንዘብ ካደ የተባለ ሰው ዋስ አያገኝም፣ ለልጁ የሚታጭለት አይኖርም፣ ሽማግሌ ተብሎ አይጠራም። ስለዚህ ዕዳ ያለበት ሰው ሲጠየቅ ቀና ብሎ «አለብኝ» ይላል። ክብሩ ያ ነው። ጋሽ ሽፈራውም ችሎት ቀረቡ። ያኔ የነበሩት ዳኛ መዝገብ የበዛባቸው፣ የደከሙ ሰው ናቸው፤ ክሱን አነበቡና «ታምናለህ ትክዳለህ?» አሉ። ጋሽ ሽፈራው ጋቢያቸውን አስተካከሉ።

«አምናለሁ ጌታዬ። የሰው በሬ ወስጄ አልክድም።»

በሬውን ማመናቸው ነበር። የተጻፈው ግን ማታለሉን አመነ ተብሎ ነው። ስድስት ወር ተፈረደባቸው። እኔ በሩ ላይ ቆሜ ነበር። ሲወስዷቸው ዘወር ብለው አዩኝ፤ ፊታቸው ቁጣ የለበትም፣ መንገድ ጠይቆ ገደል ያሳዩት ሰው ፊት ነበር።

እስር ቤት ሳሉ እናታቸው ሞቱ። አልቀበሯቸውም። ሲወጡ የበሬውን ዋጋ ያው ከፈሉ። ከዚያ ወዲያ በዚያ መንገድ ሳልፍ ያ ጥቁር ውሻ አይታሰርም። ቆሜ እጣራለሁ፤ ጢሱ ከቤቱ ሲወጣ እያየሁ የሚመልስልኝ ሰው የለም። ስለዚህ ከዚያ ጎጥ ባሻገር መጥሪያ ሲኖረኝ በገደሉ አፋፍ እዞራለሁ። አንድ ሰዓት ይጨምራል። ጋሽ ተክሌ አንድ ቀን ለምን በዚያ እንደምዞር ጠየቁኝ፤ የሆነውን ሁሉ ነገርኳቸው። «ዙሪ። ዙሪያው ያስተምርሻል» አሉ። አሥር ዓመት ያህል ዞርኩ። ጋሽ ተክሌም በመሃሉ አረፉ፤ ነፍሳቸውን ይማር። ያ ውሻም አርጅቶ ሞተና ልጁ ተተካ፤ እሱም ጥቁር ነው፣ እሱም አይታሰርም።

ከዓመታት በኋላ አዲስ ዳኛ መጡ። ሴት ናቸው፣ ዕድሜያቸው የመጨረሻ ልጄን ያህላል። የመንዝን ብርድ አላወቁትምና ሹራብ በሹራብ ላይ ደርበው ችሎት ይቀመጣሉ፤ የገበያው ሴቶች «ዳኛዋ ናት ወይስ የጠጉር ጆንያ?» እያሉ ይስቁ ነበር። ሳቁ ብዙ አልቆየም። እኒህ ዳኛ አንድ አመል አላቸው። ተከሳሽ «አምናለሁ» ሲል ብዕራቸውን ወረቀቱ ላይ አያሳርፉም። «ምኑን?» ይላሉ። ከዚያ እስኪመለስላቸው ይጠብቃሉ።

የበላይነሽ ነገር የመጣው በሳቸው ጊዜ ነው። በላይነሽ ባሏ የሞተባት ፈታይ ናት፤ የበግ ጠጉር ትገዛለች፣ ትፈትላለች፣ ለሸማኔ ከፍላ ባና የምንለውን ወፍራም ብርድ ልብስ ታሠራለች፣ ባናውን በገበያ ትሸጣለች። አንድ የጠጉር ነጋዴ ግማሹን ዋጋ ተቀብሎ ሁለት ጆንያ ጠጉር ሰጣት። ያን ዓመት ከመሐል አገር የፋብሪካ ብርድ ልብስ በየገበያው ተዘረገፈ፤ ቀላል ነው፣ አበባ አለው፣ ርካሽ ነው። የበላይነሽ ባና ከቤቷ ተጣጥፎ ቀረ። ቀሪውን ዋጋ መክፈል አቃታት። ነጋዴውም አቋራጩን ያውቃታል፤ ፖሊስ ዘንድ ገብቶ «ፈትላ ድሩን እንድትመልስልኝ በአደራ የሰጠኋትን ጠጉር ለራሷ አደረገችው» አለ። እምነት ማጉደል ተብሎ ተከሰሰች። ከተፈረደባት ልትታሰር ነው፤ ከቤቷ አንዲት የታመመች እናት አለቻት፣ ውሃ የሚያቀብላት ሌላ ሰው የለም።

መጥሪያውን ያደረስኩላት እኔ ነኝ። አነበብኩላት፣ ገብሱን ቆጠርኩላት። እሷም ቀና ብላ ያችኑ ጥያቄ ጠየቀችኝ።

«እትዬ አስካለ፣ ምን ልበል?»

ምላሴን በጥርሴ ያዝኩት። «በላይነሽዬ፣ እኔ እግር ነኝ» አልኳት።

ተቀየመችኝ። «እግርማ በግም አለው» አለችና ገባች። እውነቷን ነው፤ ያን ዕለት ከበግ አልተሻልኩም።

የመጀመሪያው ቀን ዳኛዋ ክሱን አነበቡላትና «ያምናሉ ይክዳሉ?» አሏት። በላይነሽ እጆቿን አጣምራ «አምናለሁ እመቤቴ፣ አለብኝ» አለች። ጋሽ ሽፈራው ናቸው የቆሙት መሰለኝ።

«ምን አለብዎት?» አሉ ዳኛዋ።

«የጠጉሩ ግማሽ ዋጋ።»

«በአደራ የተሰጠኝን ወስጄ ለራሴ አደረግሁ ብለው ያምናሉ?»

«አደራማ አልበላሁም። ገዝቼ ነው።»

«እንግዲያው ዕዳውን እንጂ ክሱን አላመኑም። እንደካዱ ተቆጥሮ ይመዝገብ።»

ይሄኔ በላይነሽ ቱግ አለች። «ኧረ እመቤቴ! ካደች ተብዬ በመንግሥት መዝገብ ልጻፍ? ነገ በምን ፊቴ ገበያ እወጣለሁ? ከዚያስ ልታሰር።» ዳኛዋ ለማስረዳት ሞከሩ፤ እሷ ወይ ፍንክች። ችሎቱ በሳቅ ታመሰ፣ ዐቃቤ ሕጉ ራሱ አፉን በወረቀት ሸፈነ። ዳኛዋ አልሳቁም። ሹራባቸውን ሰብሰብ አድርገው ጥቂት አሰቡና «እንዲህ ብለን እንጻፈው፦ ‹ዕዳ እንዳለብኝ አምናለሁ፤ ወንጀል ግን አልሠራሁም›። ይስማማዎታል?» አሏት።

«እሱስ እውነት ነው» አለች በላይነሽ። «እንዲያ ከሆነ ይጻፍ።»

ከዚያ ዳኛዋ ወደ ሕዝቡም ወደ ዐቃቤ ሕጉም አየት አደረጉና የተናገሩትን እስከ ዛሬ እንደ ውዳሴ ማርያም በቃሌ እደግመዋለሁ፦ «ገንዘብ አለብኝ ማለት ወንጀል ሠራሁ ማለት አይደለም። ይህ ችሎት ሁለቱን ለይቶ ይጽፋል።»

ለምስክር በተቀጠረው ቀን ነጋዴውና ሁለት ባልንጀሮቹ ቀረቡ። ባልንጀሮቹ ውሸት አልተናገሩም፤ «ጠጉሩን ሲሰጣት አይተናል» አሉ። በምን ውል እንደሰጣት ግን የሚያውቁት ከሱ ሰምተው ነው። ሌላም ምስክር ነበር፤ ደምሴ ይባላል፣ ያን ቀን ጠጉሩን በሚዛን የመዘነው እሱ ነው። ብርዱ ደረቱን ነክቶት ወደ ቆላ፣ ወደ ሚስቱ አገር ወርዷል። መጥሪያው በፖሊስ በኩል ተልኮ «አልተገኘም» ተብሎ ተመልሷል። ዐቃቤ ሕጉ «ትተነዋል፣ ባሉት ይወሰንልን» አለ። ዳኛዋ «የመዘነው ሰው ሳይሰማ አልወስንም፤ ፍርድ ቤቱ ራሱ ይጠራዋል። አንድ ቀጠሮ ብቻ። ካልተገኘ ባለው ይወሰናል» አሉ። ከዚያ ወደ በሩ ተመለከቱ፤ ወደኔ ማለት ነው።

እኔ ያን ቀን በሩ ላይ ቆሜ አንድ ነገር አውቅ ነበር፤ ፈታይ ነበርኩና። ብናገረው ነገሩ ሁሉ ይፈታል። ግን ምስክር አይደለሁም፣ የፍርድ ቤቱ እግር ነኝ፤ እግር ችሎት ውስጥ አይናገርም። ስለዚህ ሄድኩ።

ሁለት ቀን ቁልቁል ወረድኩ፣ ወደ መርሐቤቴ ቆላ። ዕድሜዬ ሃምሳን አልፏል። ደጋ ተወልዶ ያረጀ ሰው ቆላ ሲወርድ ጆሮው ይደፈናል፣ ልቡ ይመታል፣ ወባ ይፈራል። በመንገድ የእግዜር እንግዳ ነኝ ብዬ ያደርኩበት ቤት ሰዎች «እናታችን፣ በዚህ ዕድሜ ምን አወጣዎት?» ብለው እግሬን አጠቡልኝ። ጎጡ ስደርስ ስለ ደምሴ አልጠየቅሁም። ሚዛን የያዘ ሰው ከሚዛን አይርቅም ብዬ የገበያውን ቀን ጠበቅሁና «በርበሬ በትክክል የሚመዝን ማነው?» አልኩ። አንዲት ልጅ እጄን ይዛ ወሰደችኝ። ደምሴ በበርበሬ ክምር መሃል ቁጭ ብሎ እያስነጠሰ ይመዝናል።

ሰው እስኪቀንስለት ቆየሁና ላስቲኩን ከደረቴ አውጥቼ ሚዛኑ ላይ አስቀመጥኩት።

«ምንድን ነው እናቴ?»

«መጥሪያ ነው። መዝነው።»

ሚዛኑን አየው። «ምንም አይከብድም።»

«ለኔ ከብዶኛል፤ ሁለት ቀን ተሸክሜዋለሁ።»

ሳቀ፣ ከዚያ አነበብኩለትና ሳቁ ጠፋ። ነጋዴው ከደምሴ አጎት ጋር የሚነግድ ሰው ነው፤ ደምሴ ሊጣላው አይፈልግም። «ምን አገባኝ? ይተዉኝ በሏቸው» አለ። ስለ በላይነሽ እናት ልነግረው አፌ ድረስ መጣ። ዋጥሁት። ሁለተኛ ጊዜ፣ ቀስ ብዬ አነበብኩለት። አሻራውን ሰጠኝ። እዚያ አገር ገብስ አልነበረምና ማሽላ ቆጠርኩለት፤ የመንገዱን ቀን ቀንሼ ዘጠኝ ፍሬ። «በየማለዳው አንዷን ለዶሮ ጣል» ብዬ ተነሣሁ። ይምጣ አይምጣ አላውቅም። ሽቅቡን ሦስት ቀን ፈጀብኝ።

የቀጠሮው ማለዳ ቀድሜ ሄጄ ቢሮውን ልከፍት ስል፣ ደምሴ ጋቢውን ተከናንቦ ከደጁ ድንጋይ ላይ ተቀምጧል።

«መቼ ገባህ?»

«ትናንት ነው እንጂ። አንዷን ማሽላ ዶሮዋ ከመዳፌ ነጥቃኝ ቀኑ ተምታታብኝ። ከማረፍድ ብዬ በአንድ ቀን ቀደምኩ።» ሳል ጀምሮታል። «ለመሆኑ እዚህ አገር ሰው እንዴት ነው የሚኖረው?»

ችሎቱ ያን ቀን ሞልቶ ነበር። ከኋላ ከቆሙት መሃል ጋሽ ሽፈራውን አየኋቸው፤ ስለ መሬት ወረቀት ሊጠይቁ መጥተው ነው። ፀጉራቸው ነጥቷል። እሳቸውም አዩኝ፣ ዓይናቸውን መለሱ።

ዐቃቤ ሕጉ ደምሴን ጠየቀው። መዝነሃል? መዝኛለሁ። ሲሰጣት አይተሃል? አይቻለሁ።

«በአደራ ነው የሰጣት?»

«አደራስ ቢሆን በእሱ ጆንያ ይሄድ ነበር» አለ ደምሴ። «የሄደው በእሷ ጆንያ ነው። አፉን የያዝኩላት እኔ ነኝ።»

ዳኛዋ ቀና አሉ። «ጆንያው ምን ማለት ነው? ያስረዱ።»

ደምሴ ዙሪያውን ቃኘ፤ ይህን የማያውቅ ሰው አለ እንዴ ማለቱ ነው። «እመቤቴ፣ እኛ አገር ጠጉር ለፈታይ በአደራ ሲሰጥ በባለቤቱ ጆንያ ይሰጣል። ድሩ ሲያልቅ በዚያው ጆንያ ይመለሳል። ሲሸጥ ግን ገዢ የራሱን ጆንያ ይዞ ይመጣል። ይህን ሕፃንም አይስተው። እሷ ሁለት ባዶ ጆንያ ይዛ መጣች፤ ዋጋ ተቆረጠ፣ ግማሹን ቆጥራ ሰጠችው፣ ቀሪውን ለፋሲካ ተባባሉ። ሞላንላት፣ ሄደች።»

እኔ በሩ ላይ ቆሜ አውቀው የነበረው የጆንያ ወግ ይህ ነው። በመናገር ያልቻልኩትን በእግሬ አመጣሁት።

ዳኛዋ ነጋዴውን አስነሡት። «ጆንያዎቹ የማን ነበሩ?»

ነጋዴው ወደ ደምሴ አየ፣ ወደ ሕዝቡ አየ። ችሎቱ የመንዝ ሰው ነው፤ ሁሉም ጆንያውን ያውቃል። «የሷ» አለ በመጨረሻ። «ታዲያ ገንዘቤን በምን ላግኝ? ፖሊስ ካልጠራው የሚከፍል ሰው የለም።»

«ገንዘብዎ ይገባዎታል» አሉ ዳኛዋ። «በፍትሐ ብሔር ይጠይቁ፣ ይህ ፍርድ ቤት ያስከፍልዎታል። እስር ቤት ግን ዕዳ መሰብሰቢያ አይደለም።»

ጥቂት ቆይተው ብይኑን አነበቡ። ዋጋ ተቆርጦ ለተሸጠ ዕቃ ቀሪ ክፍያ ቢዘገይ የውል ጉዳይ ነው፤ አደራ ያልተሰጣት ሰው እምነት ልታጎድል አትችልም፤ ስለዚህ ተከሳሿ መከላከል ሳያስፈልጋት በነጻ ትሰናበት፣ መዝገቡ ይዘጋ። በላይነሽ አልገባትም፤ ቆማ ቀረች። «ይሂዱ፣ እናትዎ ይጠብቁዎታል» አሏት ዳኛዋ። ይሄኔ ዞራ ከበሩ ስትደርስ እጄን ያዘችና ሳመችው። «የበግ እግር» አለችኝ። ስድብ ሆኖ የሄደ ቃል ምርቃት ሆኖ ተመለሰ።

ከውጭ፣ ከግንቡ ሥር፣ ጋሽ ሽፈራው ብቻቸውን ቆመዋል። ከአሥር ዓመት በኋላ መጀመሪያ የተናገሩኝ ቃል ይህ ነው፦

«ይህቺ ዳኛ ያን ጊዜ የት ነበረች?»

«ትምህርት ቤት ነበሩ፣ ጋሼ። ልጅ ነበሩ» አልኳቸው።

ትክ ብለው አዩኝ። ከዚያ ከሆዳቸው ሳቁ፤ እስኪያስላቸው ሳቁ። «ቶሎ ቶሎ አይማሩም ነበር?» አሉና ዱላቸውን አንሥተው ሄዱ።

ያ ብይን ብቻውን አልቀረም። በዚያው ዓመት ዳኛዋ የበግ ዱቤ፣ የዘር ብድር፣ የቤት ኪራይ ክርክር ወንጀል ተብሎ ሲመጣ አንድ በአንድ ሲዘጉ ቆሜ አየሁ። ዐቃቤ ሕጉም ኋላ ራሱ መጠየቅ ጀመረ፤ አበዳሪ ሲመጣበት «በማን ጆንያ ነው?» ይለዋል፤ ነገሩ ጠጉር ባይሆንም እንኳ። እኔም በየደጁ የማደርሰው መጥሪያ ተለወጠ፤ ‹ወንጀል› የሚለው ቀነሰና ሰው ሲያነቡለት ፊቱ አይጠቁርም። በላይነሽ ባናዎቿን በየገበያው እያወጣች ሸጣ ዕዳዋን እስከሚቀጥለው ፋሲካ ጨረሰች፤ ያለ ማንም ክስ። ነጋዴው ዛሬም ጠጉር ይሰጣታል፤ አደራ ሲሆን ጆንያው ላይ ስሙን በቀይ ቀለም ጽፎበት።

ከዚያ ብይን በኋላ በሦስተኛው ሳምንት ከጋሽ ሽፈራው ጎጥ ባሻገር የማደርሰው ወረቀት ነበረኝ። እንደ ልማዴ ወደ አፋፉ ልዞር ስል እግሬ ቆመ። ለምን እንደሆነ አላውቅም፣ ቁልቁል ወደ ደጃቸው አቀናሁ። ከሩቅ ቆሜ ልጣራ አፌን ስከፍት ጥቁሩን ውሻ አየሁት። ከግራሩ ግንድ ጋር ታስሮ ተኝቷል፤ ገመዱ አዲስ ነው። ከመድረሴ በፊት ነው የታሰረው።

ጋሽ ሽፈራው ከደጃቸው ብቅ አሉ።

«በዚህ በኩል ቅርብ ነው» አሉኝ። «ግቢና ውሃ ጠጥተሽ እለፊ።»